ያላለፈው ባቡር

ፋኑኤል መኪናውን ከጆርጂያ አቬኑ አውጥቶ ቤልትዌይ የሚሉት ቀለበት መንገድ ላይ ሲወጣ፣ ወይዘሮ ቲራ ከቦርሳቸው መቃኛቸውን አወጡ። ከአባታቸው የወረሷት ባለ ሁለት ጣት የብረት ሹካ ናት፤ ከመዳፍ አትበልጥም። ጉልበታቸው ላይ መታ አደረጓት፤ እጀታዋን በፊት ጥርሳቸው ነክሰው ዓይናቸውን ጨፈኑ።

ፋኑኤል በመስተዋቱ አያቸው።

"መኒ፣ ሴትዮዋ ምሳ አልበሉም እንዴ?" አለ በአማርኛ። "ሹካውን ሊጨርሱት ነው።"

"በአጥንታቸው እየሰሙ ነው" አለች መነን። "ጆሯቸው እምቢ ሲል ድምፁ በጥርሳቸው ይገባል።"

"የምን ድምፅ?"

"ላ የምትባለው ኖታ። መነሻዋ።"

"እኔ እሷን ስፈልግ በጋው አለቀ" አለ ፋኑኤል። ከመዘምራኑ መካከል ወፍራም ድምፅ ከሚይዙት አንዱ ነበር። "ጥርስ ውስጥ መሆኗን ማን ነገረኝ።"

ወይዘሮ ቲራ ዓይናቸውን ገለጡ። "አለች" አሉ በእንግሊዝኛ። "ቀጭናለች፤ ግን አለች።" መቃኛዋን በመሐረብ ጠቅልለው ጭናቸው ላይ አስቀመጧት።

መነን የተቀመጠችው በግራቸው ነበር። ቀኝ ጆሯቸው ጨርሶ ከተዘጋ ቆይቷል፤ የግራውም እየሄደ ነው። እስከ መቼ ይቆያል ተብሎ ሲጠየቅ ሐኪሙ ትከሻውን ነቅነቅ አድርጎ ነበር። በማግስቱ ወደ ስዊድን ይበራሉ፤ ለጉብኝት ሳይሆን ለመቅረት። የወንድማቸው ልጅ የአረጋውያን ቤት አግኝቶላቸው አፓርታማቸውን ሸጦታል። ከመሄዳቸው በፊት የፈለጉት አንድ ነገር ብቻ ነበር፦ በወጣትነታቸው የጻፉትን፣ አንድ ጊዜ ተዘምሮ የተበላሸውን የዜማ ሥራ፣ እንደጻፉት ሆኖ መስማት። ይህን ለማግኘት የቀራቸው ደግሞ የዛሬው እሑድ ከሰዓት ነው፤ የቀረው ጆሮም አንድ ነው፤ የተገኙትም መዘምራን አሌክሳንድሪያ ያለችው የመነን ቤተ ክርስቲያን መዘምራን ናቸው።

ሁለቱ የሚነጋገሩበት እንግሊዝኛ ለሁለቱም የሰው አገር ቋንቋ ነበር። እንግሊዝኛው አንቱታ የለውም። መነን ግን በልቧ አንድ ቀን እንኳ አንቺ ብላቸው አታውቅም።

እሳቸውም ይህ ነገር ይገባቸው ነበር። የተወለዱት በሰሜን ስዊድን፣ ሐይቁ የዓመቱን እኩሌታ በረዶ ሆኖ በሚከርምበት አጥቢያ ነው። አባታቸው ካንቶር ነበሩ። ካንቶር ማለት በሰንበት የቤተ ክርስቲያኑን ኦርጋን የሚመታ፣ በሥራ ቀን የአጥቢያውን ልጆች የሚያስተምር ሹም ነው። በዚያ ዘመን በዚያ አገር ሰው በማዕረጉ እንጂ በስሙ አይጠራም፤ እናታቸው እንኳ በእንግዳ ፊት ባላቸውን "ካንቶሩ ቡና ይጨመርላቸው?" ብለው ነበር የሚጠይቋቸው። ኋላ ወይዘሮ ቲራ ስቶክሆልም ሙዚቃ ሊማሩ ሲገቡ፣ ፕሮፌሰሩ ወረቀታቸውን ገልጠው፣ በቤተሰብ ስማቸው፣ "ወይዘሪት ኤክሮት ይህን ራሳቸው ጻፉት?" አሉ።

"ከኋላዬ ሌላ ወይዘሪት ኤክሮት የቆሙ መስሎኝ ዞር አልኩ" ብለው ነበር ለመነን ሲያወሩላት። "ከዚያ አንድ ጠዋት ስንነሳ አገሩ ሁሉ ማዕረጉን ትቶ አንተና አንቺ ተባባለ። ይበልጥ የምንቀራረብ መስሎን ነበር።"

"አልተቀራረባችሁም?"

"እኔ እንጃ። እኔ አሜሪካዊ አግብቼ መጣሁ።"

አሜሪካዊው መሐንዲስ ነበር፤ ሲልቨር ስፕሪንግ አምጥቷቸው፣ ፒያኖ ገዝቶላቸው፣ ሞተ። ልጅ አልነበራቸውም። የሰው ልጆች ፒያኖ ሲያስተምሩ፣ የራሳቸውን ሙዚቃ እየጻፉ መሳቢያ ውስጥ ሲያኖሩ ኖሩ። ጆሯቸው መድከም ሲጀምር ተማሪዎቹም ቀሩ፤ በምትካቸው ኤጀንሲው መነንን ላከላቸው።

መነን በዲቪ የመጣች፣ የሰው ቤዝመንት ውስጥ አንድ ክፍል ተከራይታ የምትኖር፣ ቤተ ክርስቲያን ስትሄድ ከኋላ ወንበር የምትቀመጥ ልጅ ነበረች። ሥራዋ ምግብ ማቅረብ፣ መድኃኒት ማስታወስ፣ ገላ ማጠብ መሆኑን ነበር የተነገራት። ወይዘሮ ቲራ ግን በመጀመሪያው ሳምንት ሌላ ሥራ ሰጧት። ድንገት ቀና ብለው "ምን ይሰማል?" ይሏታል። እሷም ትመልሳለች። ማንቆርቆሪያው ፈላ። ጎረቤት በር ዘጋ። ዝናብ ጀመረ።

"ምን ላይ ነው የሚዘንበው?"

"መስኮቱ ላይ። አይ… መጀመሪያ ቆርቆሮው ላይ፣ ከዚያ መስኮቱ ላይ።"

"አሁን ሰማሁት" ይላሉ።

አንድ ድምፅ ብቻ ነበር እሳቸው የሚቀድሟት። አፓርታማው ከባቡር ሐዲዱ አጠገብ ነው። ረጅሙ የዕቃ ባቡር ገና ሲቃረብ፣ ወይዘሮ ቲራ መዳፋቸውን ጠረጴዛው ላይ ዘርግተው "ባቡር" ይላሉ። መነን ቀና ብላ ስታዳምጥ ምንም የለም። ቆይቶ ይመጣል። ይህ ጨዋታቸው ሆነ፤ መነን አንድ ቀን እንኳ ቀድማ "ባቡር" ብላ አታውቅም።

ደንቡ አንድ ነበር፤ እሱንም የተማረችው በራሷ ስሕተት ነው። አንድ ጊዜ የፒያኖ ቃኚ መጥቶ ሠርቶ ሲሄድ "እንዴት ሆነ?" ብለው ጠየቋት። አንዷ ቁልፍ እንደ ድሮዋ ታቃስት ነበር። ሰውየው ግን ሽማግሌ ነው፤ ደረጃውን ሲወጣ አለክልኳል፤ ገና በሩ ላይ ኮቱን እየለበሰ ነው። መነን ይሉኝታ ይዟት "ጥሩ ነው" አለች። ወይዘሮ ቲራ መቃኛዋን መትተው ነከሱ፤ ሌላ እጃቸውን ፒያኖው ሆድ ላይ አሳርፈው ያችን ቁልፍ ነኩ። ከዚያ ብዙ አዩዋት።

"አዘንሽለት" አሉ። "መልካም። ሻይ ልትሰጪው ትችያለሽ። ጆሮዬን ግን አትስጪው።"

ከዚያ ወዲህ መነን ለማንም አዝና የእሳቸውን ጆሮ ሰጥታ አታውቅም። ማታ ማታ ክፍሏ ስትገባ ማቀዝቀዣው ሲያንጎራጉር ትሰማና፣ ለማን እንደምትነግረው ግራ ይገባት ነበር።

የወይዘሮ ቲራን የዜማ ሥራ ለዋቅጅራ የወሰደችለት መነን ናት። ዋቅጅራ የመዘምራኑ መሪ ነው፤ በሥራ ቀን እስካይላይን በሚባለው ሰፈር ያሉት ረጃጅም ሕንፃዎች ውስጥ ሊፍት ይጠግናል። ከመዘምራኑ ኖታ የሚያነብ ማንም የለም። ስለዚህ ወይዘሮ ቲራ እያንዳንዱን ድምፅ ለየብቻው በፒያኖ መቱ፤ መነን በስልኳ ቀድታ ለመዘምራኑ ቴሌግራም ላከች፤ እነሱም መኪና ሲነዱ፣ ዕቃ ሲያጥቡ፣ ፓርኪንግ ሲጠብቁ እየሰሙ በቃል ያዙት። ቃሉን ዋቅጅራ ወደ አማርኛ መለሰው። አጭር ነው። የመጀመሪያው ክፍል "ውኃው ተዘጋ" ብሎ ያበቃል። ሁለተኛው "ስምሽን የሚያውቅ በላዩ ይሄዳል" ብሎ ይጀምራል። በሁለቱ መካከል ጸጥታ አለ።

"ስንት ያህል?" ብሎ ነበር ዋቅጅራ፣ አንድ ቅዳሜ አፓርታማቸው መጥቶ።

"ሰው ተነሥቶ መሄድ እስኪያምረው" አሉት ወይዘሮ ቲራ። "ከዚያ ትንሽ ተጨማሪ።"

"እኛ ቤት ያ ብዙ አይቆይም" አለ ዋቅጅራ፤ መነን ተረጎመችላቸው፤ ሦስቱም ሳቁ።

ከሄደ በኋላ ነው ጸጥታው ከየት እንደመጣ የነገሯት። የሰባት ዓመት ልጅ ሳሉ ነው። ታላቅ እኅታቸው፣ ማለዳ በበረዶው ላይ ሐይቁን አቋርጣ ልትመጣ ወጥታ ነበር። በመዝሙሩ መካከል የቤተ ክርስቲያኑ በር ተከፈተ፤ አንድ ሰው ባርኔጣውን በእጁ ይዞ ገባ። አባታቸው ከኦርጋኑ ላይ እጃቸውን አነሡ። ሕዝቡም አቆመ። በረዶው ልጅቷን እንደዋጣት ሁሉም ሰው ገባው፤ ማንም ግን አፉን አልከፈተም። ከወንበሩ የተነሣ የለም። እናታቸው ብቻቸውን ተነሥተው፣ ብቻቸውን በመካከል አልፈው፣ በሩ ድረስ ሄዱ። ጫማቸው ብቻ ይሰማ ነበር።

"ያንን ነው የጻፍኩት" አሉ። "እናቴ እስክትነሣ ያለውን።"

ስቶክሆልም ሲዘመር በዚያ ቦታ ላይ ሰዎች ሳሉ፤ አንዱ ሳቀ። በማግስቱ ጋዜጣ ላይ፣ ወይዘሪት ኤክሮት መካከሉን መጻፍ ረስተዋል የሚል ወጣ። ወረቀቱን አጥፈው አስቀመጡት፤ እስከ መነን ድረስ ያወጣው የለም።

*

ቤተ ክርስቲያኗ ሕንፃዋን የተከራየችው ከአሜሪካኖች ነው። አሜሪካኖቹ ጠዋት ጨርሰው ሲወጡ ሐበሾቹ ከሰዓት ይገባሉ። አሮጌ ሕንፃ ነው፤ ወለሉ እንጨት፣ ረጃጅም ወንበሮቹም እንጨት። ዋቅጅራ በር ላይ ጠብቆ ወይዘሮ ቲራን ደግፎ ከፊት አስቀመጣቸው። መነን ለመጀመሪያ ጊዜ ፊት ተቀመጠች፤ ሰው ሁሉ ከኋላ የሚያያት ይመስል ጀርባዋ ይከብዳት ነበር።

መዘምራኑ ነጭ ቀሚሳቸውን ለብሰው ተሰለፉ። ዋቅጅራ ጀርባውን ለሕዝቡ ሰጥቶ፣ ጎንበስ ብሎ የማይክራፎን ገመድ ያስተካክል ጀመር። ያኔ ፓስተሩ ተነሡ።

"ወገኖቼ" አሉ። "ዛሬ እንግዳ አሉን፤ እማማ ቲራ። ይህን መዝሙር የጻፉት እሳቸው ናቸው። ነገ ረጅም መንገድ አለባቸው። መዝሙሩ በመካከሉ የጸጥታ ጊዜ እንዳለው ተነግሮኛል። እንግዲህ ያችን ጊዜ በከንቱ አናሳልፋት። በጸሎት እንያዛት።"

"አሜን" አለ ሕዝቡ።

መነን ወደ ዋቅጅራ ዞረች። በዚህ ቤት ጸሎት ምን ማለት እንደሆነ ታውቃለች። አንዱ ተናግሮ ሌላው የሚሰማው አይደለም። እንጸልይ ከተባለ ሁሉም በአንድ ጊዜ፣ እያንዳንዱ የራሱን፣ በሙሉ ድምፁ ነው። መዘምራኑን በጋውን ሙሉ ዝም ማለት ሲያስተምሩ ከርመዋል፤ ሕዝቡን ማስተማር ለማንም አልታሰበውም። ልምምድ ላይ ሕዝብ አልነበረማ።

ዋቅጅራ አልሰማም። ገመዱ ላይ ነው።

ተነሥታ ልትነግረው ግማሽ ከወንበሩ ተነሣች። ከእሷ እስከ መድረኩ ባዶ ወለል ነበር፤ የሚያዩዋት ዓይኖች፣ የሚጮኸው እንጨት። ፓስተሩ በፈገግታ አዩዋት፤ ለምስጋና የተነሣች መስሏቸዋል። ተቀመጠች።

"ምን አሉ?" ወይዘሮ ቲራ በጆሮዋ ጠየቁ።

"አስተዋወቁዎት" አለች። ያ እውነት ነበር፤ ሙሉ ግን አልነበረም።

ዋቅጅራ እጁን አነሣ።

የመጀመሪያው ክፍል ከሴቶቹ ቀጭን ድምፅ ተጀመረ። ወይዘሮ ቲራ አንገታቸውን ወደ ግራ ጆሯቸው ዘንበል አድርገው፣ መቃኛዋን በመሐረቡ ውስጥ ጨብጠው ሰሙ። ሁለት ቦታ ላይ መዘምራኑ ዜማውን ወደለመዱት ቅኝት ጎተቱት፤ ወይዘሮ ቲራ ቅንድባቸውን አንሥተው ለመነን አንድ ጣት፣ ከዚያ ሁለት ጣት አሳዩዋት። አልተቆጡም። የወንዶቹ ድምፅ ከሥር ሲገባ፣ ከንፈራቸው አብሮ ይንቀሳቀስ ጀመር።

ወደ መጨረሻው ሲቃረብ መነን የጠበቀችውን አደረጉ። የመስሚያ መሣሪያቸውን ከግራ ጆሯቸው አውጥተው መዳፏ ውስጥ አኖሩላት። ይህን ያደርጉ እንደነበር ታውቃለች። መሣሪያው ጸጥታ ሲሆን ራሱ ያንጎራጉራል፤ ወይዘሮ ቲራ ደግሞ ያንን ጸጥታ ንጹሕ ሆኖ ነበር የሚፈልጉት። ዓይናቸውን ጨፈኑ። ሁለት መዳፋቸውን ወንበሩ ላይ፣ በግራና ቀኛቸው ዘረጉ።

"ውኃው ተዘጋ" አሉ መዘምራኑ። ዋቅጅራ ጣቶቹን ጨበጠ። ዝም አሉ።

ጸጥ ነበር። ለአንድ ትንፋሽ ያህል፣ በዚያ አሮጌ ቤት ውስጥ የሚሰማ ነገር አልነበረም። መነን ምናልባት አለች በልቧ።

ከኋላ እትዬ አረጋሽ ጀመሩ። "አባት ሆይ" አሉ፣ ጎረቤት የሚጠሩ ያህል ዝቅ ብለው። እሳቸው ሁልጊዜ ይጀምራሉ። ከጎናቸው ሌላ ሰው ተቀበለ። ከዚያ አንድ ረድፍ ሁሉ። ከዚያ ቤቱ። ሰው ሁሉ በእግሩ ቆመ፤ እጅ ተነሣ፤ የሚያለቅስ አለቀሰ፤ ቲራ የሚለው ስም ከዚህም ከዚያም ተጠራ፣ አንዱ ጥራ፣ አንዱ ተራ እያለ፣ እንደየአፉ። ወለሉ ተንቀጠቀጠ። የዋቅጅራ ትከሻ በመጀመሪያ ደነገጠ፤ ከዚያ እንደ ድንጋይ ቆመ፤ አልዞረም። መዘምራኑ በነጭ ቀሚሳቸው አፋቸውን ገጥመው ቀጥ ብለው ቆመዋል፤ በዚያ ቤት ውስጥ ዝም ያሉት እነሱ ብቻ ነበሩ።

በመነን ጭብጥ ውስጥ መስሚያው በቀጭኑ ያፏጭ ነበር።

ወይዘሮ ቲራን አየቻቸው። ዓይናቸው እንደተጨፈነ ነው። ፊታቸው ላይ መነን አይታው የማታውቀው ዕረፍት ነበር።

ዋቅጅራ እጁን ከፍ አደረገ። ሕዝቡ የመሪ እጅ ያውቃል፤ በአንዴ አቆመ። አንዲት ልጅ ብቻዋን "ስምሽን የሚያውቅ" ብላ ገባች። መነን መስሚያውን በጥንቃቄ ወደ ጆሯቸው መለሰችላቸው።

*

ፓርኪንግ ሎቱ ውስጥ ሴቶቹ ወይዘሮ ቲራን ከበው እየሳሟቸው ሳለ፣ ዋቅጅራ መነንን በክርኗ ይዞ ወደ ጎን ወሰዳት። ሸሚዙ በላብ ርሷል።

"ነገርሻቸው?"

"ገና።"

"መስሚያውን አውጥተው ነበር አይደል? አይቻለሁ።"

"አዎ።"

"እንግዲህ ጌታ ሸፍኖናል" አለ። "ነገ ይሄዳሉ፣ እኅቴ። በሰላም ይሂዱ።"

ክርኗን አስለቀቀች። ወይዘሮ ቲራን ደግፋ መኪና ውስጥ አስገባቻቸው።

ከአሌክሳንድሪያ ሳይወጡ ቀይ መብራት ያዛቸው። ወይዘሮ ቲራ ኮታቸውን አልፈቱም፤ መዳፎቻቸውን ገልብጠው ያዩ ነበር።

"ዝም አሉ" አሉ። "ያ ሁሉ ሰው። ሳል እንኳ አልነበረም።" ቆየት ብለው ደግሞ "በዚያው ላይ ባቡር አለፈ። በወንበሩ ውስጥ መጣ። ደስ አለኝ። ያን ቀን በአባቴ ቤተ ክርስቲያን ባቡር አልነበረም፤ ዛሬ ግን ብቻዬን አልነበርኩም።" ወደ መነን ዞሩ። "ቤተ ክርስቲያናችሁ ከሐዲዱ አጠገብ ናት?"

ፋኑኤል እንግሊዝኛው ገብቶታል። በመስተዋቱ ዓይኗን ፈለገ።

"አዎ በያቸው" አለ በአማርኛ፣ ድምፁን ሳይቀይር። "ደግሞ ሐዲዱ እውነትም አለ። ውሸት አይደለም።"

"አለ" አለች መነን።

"እንግዲያው ምን ይጎዳሻል?"

መብራቱ አረንጓዴ ሆነ። መነን እጆቿን አየች። ሐዲዱ አለ፤ ሕንፃውም አይርቀውም፤ የቀራት አንዲት አዎ ናት። የሚያስፈልገው ደግሞ ማዘን ብቻ ነበር፤ በዚህች ሰዓት በዓለም ላይ ከሳቸው አብልጣ የምታዝንለት ሰው የላትም። ደረጃውን ወጥቶ የሚያለከልከው ሽማግሌ ትዝ አላት።

"ሐዲድ አለ" አለች በእንግሊዝኛ። "ባቡር ግን አላለፈም። ሰው ነው።"

ወይዘሮ ቲራ አልገባቸውም።

"ሕዝቡ ነው" አለች። "ፓስተሩ ጸጥታውን በጸሎት እንያዘው አሉ። እኛ ጋ ጸሎት በጩኸት ነው። መዘምራኑ ዝም ብለዋል፤ ዋቅጅራም አላጠፋም። ፓስተሩ ሲናገሩ ሰምቻለሁ፤ ተነሥቼ ልነግረው አፈርኩ።"

"ስንት ሰው?"

"ሁሉም።"

ፋኑኤል ትንፋሹን በአፍንጫው ለቀቀና ሁለት እጁን መሪው ላይ አደረገ።

ወይዘሮ ቲራ ፊታቸውን ወደ መስኮቱ መለሱ። መኪናው ድልድዩ ላይ ወጣ። ከታች ወንዙ ሰፊ፣ ግራጫ ነው፤ በላዩ አንዲት ጀልባ እንኳ አልነበረችም። መነን ይቆጡኛል ብላ ጠበቀች። ከቁጣው ይልቅ የጎን ፊታቸውን ማየት ከበዳት።

ድልድዩ ሲያልቅ "እንግዲህ አልተዘመረም" አሉ።

"አልተዘመረም።"

"አልሰማሁትም ማለት ነው።"

"አልሰሙትም።"

ራሳቸውን ነቀነቁ። ከዚያ ሳይዞሩ "ንገሪኝ" አሉ።

"ምኑን?"

"የነበረውን። ማን ጀመረ?"

ነገረቻቸው። በመጀመሪያ አንዲት አሮጊት፣ ከኋላ በስተቀኝ፣ ዝቅ ብላ። ከዚያ አንድ ሰው ቢላ እንደሚስል ያለ ጎርናና ድምፅ። ከዚያ ዝናብ ቆርቆሮ ላይ እንደሚጀምር፣ እዚህም እዚያም፤ ከዚያ የትኛው የማን እንደሆነ መለየት ቀረ። አንድ ሕፃን በእናቱ ጩኸት ደንግጦ አለቀሰ። ስምዎን ይጠሩ ነበር፣ አለች፤ አበላሽተው።

"የእኔን?"

"መንገድ አለባቸው ተባለ እኮ። ለዚያ ነው የጮኹት።"

ወይዘሮ ቲራ መዳፋቸውን የመኪናው በር ላይ አደረጉ፤ የሚሰማ ነገር ያለ ይመስል።

"ያን ቀን ከወንበሩ የተነሣ ሰው አልነበረም" አሉ። "ለእናቴ።"

ሲልቨር ስፕሪንግ ሲደርሱ፣ ፋኑኤል በሩን ከፍቶ እጁን ሲሰጣቸው "ዋቅጅራን አንድ ነገር በልልኝ" አሉት። "እኔ የጻፍኩት ጸጥታ ነው። ሌላ ጊዜ ሲዘምሩት ጸጥታውን ይጠብቅ።"

"ሌላ ጊዜ እሺ፣ እማማ" አለ ፋኑኤል።

"ስለ ጩኸቱ ግን" አሉና ቆሙ። "ሕዝቡን አመስግንልኝ።"

*

በማግስቱ ደለስ ኤርፖርት ላይ ተሽከርካሪ ወንበሩን የሚገፋው ልጅ ሐበሻ ነበር። መነንን ሲያይ ፈገግ አለ። የወንድማቸው ልጅ ፓስፖርቶቹን ይዞ ወደ ፊት ሄዷል።

"እናትሽ ናቸው?" አላት ለቀልድ ያህል።

"ስታናግራቸው ከፊታቸው ሁን" አለችው። "በግራ በኩል።"

ወይዘሮ ቲራ ቦርሳቸውን አቅፈዋል፤ መቃኛዋ ውስጡ ናት። መስሚያቸውን ትናንት ማታ አውልቀው አልመለሱትም። መነን ጎንበስ ብላ ጉንጫቸውን ሳመች።

"ምን ይሰማል?" አሏት።

ቀና ብላ አዳመጠች። "የሻንጣ ጎማ" አለች፣ ከንፈሯን እያዩ እንዲረዱ ቀስ ብላ። "ስም የሚጠራ ድምፅ ማጉያ። አንድ ሰው ቁልፍ ጥሎ እያነሣ ነው።"

"አሁን ሰማሁት" አሉ። ልጁ ወንበሩን ገፋ።

ከሰዓት በኋላ መነን ቁልፉን ለመመለስ ወደ አፓርታማው ሄደች። ፒያኖው ተወስዷል፤ ምንጣፉ ላይ የእግሮቹ ጎድጓዳ ምልክት ቀርቷል። ጠረጴዛውም የለም። ቁልፉን የሚረከባት ሰው እስኪመጣ መስኮቱ ሥር ወለሉ ላይ ተቀመጠች። መዳፏን ሳታስበው ወለሉ ላይ ዘርግታ ነበር።

የሆነ ነገር ጣቶቿን ነካ። ቀና ብላ አዳመጠች፤ ምንም የሚሰማ የለም። ከዚያ መዳፏ ሥር በረታ።

"ባቡር" አለች።

ባዶው ክፍል ድምፅዋን መለሰላት። ቆይቶ ባቡሩ መጣ፤ ረጅም የዕቃ ባቡር ነበር፤ መስኮቱን እያንቀጠቀጠ ብዙ አለፈ። እስኪያልቅ ጠበቀች። የመጨረሻው ፉርጎ ሄደ፤ ሐዲዱም ዝም አለ።

"አለፈ" አለች። "አሁን ጸጥታ ነው።"